የቱርቦ ቁልፉ የት ገባ? የስልኮቻችንን ጌም ሞድ ስለ ማጥፋት

(በቀድሞ ተማሪዎች ማኅበር ዓመታዊ ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር፤ ለኅትመት እንዲመች በጥቂቱ ተስተካክሎ የቀረበ)



አዘጋጅ ኮሚቴው ደውሎ «በምን ርእስ ይናገሩልናል?» ሲለኝ «የስልክን ጌም ሞድ ስለ ማጥፋት» አልኩ። መስመሩ የተቋረጠ እስኪመስል ዝም ተባለ። ከዚያ አንዲት የኮሚቴው አባል፣ በዕድሜ ልጄ የምትሆን፣ በትሕትና «ጋሼ፣ ስለ አርቴፊሻል ኢንተለጀንስ ቢሆን አይሻልም?» አለችኝ። ስለ እሱ የሚናገር ሰው ዘንድሮ አይጠፋም፤ ስለዚህች ትንሽ ነገር ግን ደፍሮ መድረክ የሚወጣ የለም አልኳት። ሳቀችና ተስማማች። እናንተም እንግዲህ ታገሡኝ።

ከራሳችን ዘመን ልጀምር። የኮምፒውተር ክፍሉን የምታስታውሱ ታስታውሱታላችሁ። ስም ተመዝግቦ፣ ጫማ ተወልቆ፣ ፍሎፒ ዲስክ በካኪ ፖስታ ተይዞ ነበር የሚገባው። (ካልሲው የተቀደደ ሰው ተራውን ለሌላ ሲለቅ በዓይኔ አይቻለሁ፤ ስሙን አልጠራም፣ እዚህ ሦስተኛው ረድፍ ላይ ተቀምጧል።) እዚያ የነበሩት 386 እና 486 ማሽኖች ፊታቸው ላይ ሦስት ቁልፍ ነበራቸው፤ ማብሪያው፣ ሪሴቱ፣ ሦስተኛው ደግሞ «ቱርቦ» የሚለው። አንዳንዶቹ ላይ ከጎኑ 33 ወይም 66 የሚል ቁጥር በመብራት ይታይ ነበር። ቱርቦውን ስትጫኑት ቁጥሩ ይለወጣል። እኛም ማሽኑን ያፈጠንን መስሎን ደስ ይለን ነበር።

ቁልፉ የተፈጠረው ግን ለማፍጠን አልነበረም፤ ለማዘግየት ነበር። እ.ኤ.አ. በ1981 የወጣው የመጀመሪያው የአይቢኤም ፒሲ ፕሮሰሰር በ4.77 ሜጋኸርዝ ነበር የሚሠራው። የዚያን ጊዜ ብዙ ጌሞች ጊዜን የሚቆጥሩት በሰዓት ሳይሆን በፕሮሰሰሩ ፍጥነት ነበር። ፈጣን ማሽን ሲመጣ ጌሙ አብሮ ይበርራል፤ ጠላት ስክሪኑ ላይ ብቅ ከማለቱ ተጫዋቹ ሞቷል። ስለዚህ አምራቾች ማሽኑን ወደ ድሮው ፍጥነት የሚመልስ ቁልፍ ሠሩና፣ «ማዘግያ» ብለው ቢጽፉበት ማንም ስለማይገዛ፣ «ቱርቦ» አሉት። በመብራት የሚታየው ቁጥርም ቢሆን ምንም የሚለካው ነገር አልነበረም። ከጀርባው ባሉ ትናንሽ ጃምፐሮች የተቀመጠ ቁጥር ነበር፤ ከፈለጋችሁ 99 እንዲል ማድረግ ትችሉ ነበር። የጥገና ክፍሉ ባልደረቦች ይህን ያውቁ ነበር፣ ለእኛ ግን አልነገሩንም።

የስም አወጣጡም የቁጥሩም ነገር አስቂኝ ነው። ይሁን እንጂ ያ ቁልፍ አንድ ትልቅ ነገር ነበረው፤ ፊት ለፊት ነበር። ጣታችን ይደርስበት ነበር። ማሽኑ ቀርፋፋ ከሆነ ማን እንዳዘገየው እናውቃለን።

ወደ ዛሬ እንምጣ። አሁን እያንዳንዳችሁ ኪስ ውስጥ ያለው ስልክ ቱርቦ አለው። ስሙ በየአምራቹ ይለያያል። ሳምሰንግ ጌም ቡስተር ይለዋል፤ ሻኦሚ፣ ሳያውቅም ይሁን አውቆ፣ ጌም ተርቦ ብሎታል፤ ኦፖና ሪልሚ ጌም ስፔስ፣ ኢንፊኒክስ ኤክስ አሬና ይሉታል። ጉግል እ.ኤ.አ. በ2021 ከአንድሮይድ 12 ጋር ጌም ዳሽቦርድን አመጣ። አፕልም በ2024 ከአይኦኤስ 18 ጋር በአይፎን ላይ ጌም ሞድን ጨመረ። ቴክኖም የራሱ አለው፤ እናት ኩባንያው ከ2011 ጀምሮ እዚሁ አገራችን ስልክ ሲገጣጥም የኖረ ስለሆነ በብዙ የተማሪ ኪስ ውስጥ ያለው እሱ ነው።

ሥራቸው ተቀራራቢ ነው። ጌም ሲከፈት ስልኩ ያውቃል። ከጀርባ የሚሠሩ አፕሊኬሽኖችን ይገታል ወይም ይዘጋል፣ ኔትወርኩን ለጌሙ ያደላል፣ ማሳወቂያዎችንና አንዳንዴም የስልክ ጥሪን ያፍናል። ከሁሉ በላይ ደግሞ ፕሮሰሰሩና ጂፒዩው ምን ያህል እንዲሮጡ እንደሚፈቀድላቸው ይወስናል። ይህ የመጨረሻው ሥራ ወደ ላይም ወደ ታችም ሊሆን ይችላል። «ቡስተር» የሚል ስም የተሰጠው ነገር ስልካችሁን ቀርፋፋ እያደረገ ሊሆን ይችላል። የድሮው ቱርቦ ታሪክ ተደገመ ማለት ነው።

ለምን ወደ ታች? እዚህ ላይ የኤሌክትሪካል ልጆች ትንሽ ታገሡኝ፣ የሌላ ትምህርት ክፍል ልጆች ደግሞ አትሽሹ። አንድ ቺፕ የሚበላው ኃይል ከፍሪኩዌንሲው ጋር፣ ከዚያም በላይ ከቮልቴጁ ስኩዌር ጋር ያድጋል። ፍሪኩዌንሲውን ከፍ ለማድረግ ቮልቴጁንም ከፍ ማድረግ ስለሚያስፈልግ፣ ትንሽ ፍጥነት ለመጨመር ብዙ ሙቀት ይከፈላል። ስልክ ደግሞ ማራገቢያ የለውም። እጅ ሳያቃጥል ያለማቋረጥ ሊያስወጣ የሚችለው ሙቀት ጥቂት ዋት ብቻ ነው። ቺፑ ግን ለአጭር ጊዜ ከዚያ እጥፍና በላይ መሳብ ይችላል። ስለዚህ የሆነ ቦታ ላይ «በቃ» የሚል ነገር የግድ መኖር አለበት። አዲስ አበባ ላይ አየሩ ከባሕር ዳርቻው በአንድ አምስተኛ ገደማ የሳሳ ነው፤ የሳሳ አየር ሙቀት ይዞ የመሄድ አቅሙ ያነሰ ነው፤ ብርዱ ግን ይክሰናል። ሰመራ ወይም ጋምቤላ የምትሠሩ ወንድሞችና እህቶች ግን ስልክ ቻርጅ ላይ ሰክቶ ጌም መጫወት ምን እንደሚያደርግ ባትሪው ሲያብጥ አይታችሁታል።

ይህን የምለው ነገሩን ለመራገም እንዳልመጣሁ እንድታውቁ ነው። ገደቡ አስፈላጊ ነው። ጥያቄዬ ሌላ ነው፤ ገደቡን ማን ያስቀምጣል፣ እኛስ እናየዋለን ወይ?

ደቡብ ኮሪያ ላይ የሆነውን ልንገራችሁ። ሳምሰንግ እ.ኤ.አ. በፌብሩዋሪ 2022 ጋላክሲ ኤስ22ን ለገበያ አወጣ። በውስጡ ጌም ኦፕቲማይዚንግ ሰርቪስ የሚባል፣ ባጭሩ ጂኦኤስ የተባለ ፕሮግራም ነበረ። ፕሮግራሙ ለኩባንያው አዲስ አልነበረም፤ ቀደም ባሉት ስልኮች ላይ ግን ነቃ ያሉ ሰዎች በዘዴ ያጠፉት ነበር። በአዲሱ ሶፍትዌር ዘዴው ተዘጋባቸው። ሰው ውድ ስልክ ገዝቶ ጌሙ ሲንቀራፈፍበት መፈተሽ ጀመረ።

የተደረገውን ፈተና ለተማሪዎቼ ሁሌም እነግራለሁ፤ እንዲህ ያለ የጠራ ሙከራ ብዙ ጊዜ አይገኝምና። አንድ ኮሪያዊ ዩቲዩበር ስሪዲማርክ የተባለውን የግራፊክስ መለኪያ ወሰደ። ውስጡን አልነካም። ስሙን ብቻ፣ ማለትም ስልኩ አፕሊኬሽኑን የሚያውቅበትን የፓኬጅ ስም፣ ወደ «ጄንሺን ኢምፓክት» ለወጠው። ያ ከባድና ታዋቂ ጌም ነው። ያው ስልክ፣ ያው ኮድ፣ ያው ክፍል፤ ውጤቱ ግን ወደ ግማሽ አካባቢ ወረደ። እንግዲህ ስልኩ የሚያየው ምን ያህል እንደሞቀ ሳይሆን ማን እንደመጣ ነበር ማለት ነው። በር ላይ የቆመ ዘበኛ ሰውን በልብሱ አይቶ እንደሚያስገባው ዓይነት።

ቀጥሎ 10,000 ገደማ የአፕሊኬሽን ስም የያዘ ዝርዝር በሰው እጅ ተሰራጨ። ኔትፍሊክስ፣ ቲክቶክ፣ ኢንስታግራም ሁሉ እዚያ ውስጥ ነበሩ። የታወቁት የመለኪያ ፕሮግራሞች ግን አልነበሩም። ሳምሰንግ በበኩሉ ጂኦኤስ የሚቆጣጠረው ጌሞችን ብቻ ነው፣ ሌሎቹን አይነካም አለ። ሆነም ቀረ፣ ስልኩ ሲለካ ሙሉ ጉልበቱን ያሳያል፣ ባለቤቱ ሲጫወትበት ግን አያሳይም። መኪና የምታውቁ በ2015 በቮልስዋገን የናፍጣ መኪኖች የወጣውን ጉድ ታስታውሳላችሁ፤ መኪናው ፈተና ላይ መሆኑን ሲያውቅ ጭሱን ይቀንሳል፣ መንገድ ላይ ሲወጣ ይለቀዋል። ሁለቱን እኩል ማድረጌ አይደለም፤ የአንዱ ጭስ ሰው ሳንባ ውስጥ ይገባል። የአሠራሩ ቤተሰብነት ግን አይካድም።

ጊክቤንች የተባለውን መለኪያ የሚሠራው የካናዳ ኩባንያ በማርች 2022 የጋላክሲ ኤስ10፣ ኤስ20፣ ኤስ21 እና ኤስ22 ውጤቶችን ከሰንጠረዡ አወጣ። ከዚያ በፊት በ2021 በዋን ፕላስ 9 ላይም ተመሳሳይ እርምጃ ወስዶ ነበር። በዚያው ማርች ወር 16 ቀን የሳምሰንግ ምክትል ሊቀመንበር ሃን ጆንግ-ሂ በባለአክሲዮኖች ጉባኤ ላይ ይቅርታ ጠየቁ። ኩባንያውም ተጠቃሚው ራሱ የሚመርጥበትን ማብሪያ ማጥፊያ በጌም ቡስተር ውስጥ፣ «ላብስ» በሚባለው ክፍል፣ የሚያስገባ ማሻሻያ ለቀቀ። ገደቡ ጌሙ ገና ሲከፈት መጣሉ ቀረ፤ ሙቀትን የሚከታተለው ጥበቃ ግን ባለበት ቆየ።

ይችን የመጨረሻዋን ነገር ያዙልኝ፤ ወደኋላ እመለስባታለሁ።

አሜሪካ ያላችሁ ደግሞ ከዚህ ቀደም ብሎ የሆነውን የአይፎን ጉዳይ አትረሱትም። በ2017 መጀመሪያ የወጣ ማሻሻያ ባትሪያቸው ያረጀ አይፎኖችን በድንገት እንዳይጠፉ ብሎ ያዘገያቸው ነበር። ምክንያቱ ምክንያት ነው፤ ያረጀ ባትሪ ድንገተኛ የኃይል ጥያቄ ሲመጣበት ይወድቃል። ለባለቤቱ ግን የነገረው አልነበረም። ሰው «ስልኬ አርጅቷል» ብሎ አዲስ ገዛ፤ መለወጥ የነበረበት ባትሪው ብቻ ነበር። አፕል በዲሴምበር 2017 ይቅርታ ጠይቆ የባትሪ መለወጫውን ዋጋ ከ79 ወደ 29 ዶላር አወረደ። በማርች 2018 ደግሞ በአይኦኤስ 11.3 ማጥፊያ ሰጠ። ሁለቱንም ታሪክ ስታዩ ቁልፉ የመጣው ሕዝብ ከጮኸ በኋላ ነው።

«ይሄ ሁሉ የፈረንጅና የኮሪያ ጭቅጭቅ ለኛ ምናችን ነው?» የሚል ካለ፣ እኔን እዚህ መድረክ ላይ ያመጣኝን ጉዳይ ልንገረው።

ከጥቂት ዓመታት በፊት የአንድ ዩኒቨርሲቲ የመመረቂያ ፕሮጀክት ግምገማ ላይ የውጭ ገምጋሚ ሆኜ ተጠርቼ ነበር። የቱ እንደሆነ አልናገርም፤ ልጆቹም ይህን ያነቡ ይሆናል። አራት ተማሪዎች የቡና ቅጠል በሽታን በስልክ ካሜራ የሚለይ ፕሮግራም ሠርተዋል። ኢንተርኔት አያስፈልገውም፤ ሞዴሉ ስልኩ ውስጥ ነው የሚሠራው። ጥሩ ሥራ ነበር። በሪፖርታቸው ላይ አንድን ቅጠል ለመለየት የሚፈጀውን ጊዜ አስቀምጠዋል፤ አጭር ጊዜ ነው። ለገበሬ ማሳ ላይ ቆሞ የሚጠብቅ ነገር ስለሆነ ይህ ቁጥር የሥራው ልብ ነው።

አዳራሽ ውስጥ ሲያሳዩን ግን ቁጥሩ እጥፍ ሆነ። ደግመው ሞከሩ፤ አሁንም እጥፍ። ከገምጋሚዎቹ አንዱ፣ ጠንቃቃ ሰው ነው፣ ሪፖርቱን ገለጥ ገለጥ አደረገና «ይህን ቁጥር ከየት ነው ያመጣችሁት?» አላቸው። የድምፁን ቃና ሁላችንም ሰማነው። በሌላ አማርኛ «ፈጥራችኋል» ማለቱ ነበር። የቡድኑ መሪ ልጅቷ ፊቷ ሲለዋወጥ አየሁ። ውጤት መፍጠር ከተባለ ምን እንደሚከተል መምህራን ታውቃላችሁ፤ ኤፍ ብቻ አይደለም።

እኔ ለቁጥሩ ሳይሆን ለስልኩ ጥርጣሬ ገባኝ። «ሪፖርቱን የለካችሁት በዚሁ ስልክ ነው?» አልኳቸው። «አይደለም ጋሼ፤ ያኛው የጓደኛችን ነበር፣ ይሄ አዲስ ነው፣ እንዲያውም ይሄኛው ይበልጣል» አሉኝ። እውነትም ይበልጣል፤ በወረቀት። ስልኩን ተቀብዬ ስክሪኑን ከጎን ሳብ ሳደርግ የጌም ሞዱ ትንሽ መስኮት ብቅ አለች። የቡና ቅጠል እያየ ጌም ሞድ ላይ ነው!

ነገሩ እንዲህ ነበር። ልጆቹ ፕሮጀክቱን ሲጀምሩ ለካሜራና ለስክሪን አያያዙ እንዲመቻቸው የአንድ ጌም ዝግጁ አብነት ወስደው ነበር የተነሡት። አንድሮይድ ላይ እያንዳንዱ አፕሊኬሽን ስለራሱ በሚናገርበት ፋይል ውስጥ «ምድቤ ጌም ነው» የሚል አንድ ቃል ከአብነቱ ጋር አብሮ ቀርቷል። የመጀመሪያው ስልክ ለዚያ ቃል ግድ አልነበረውም። አዲሱ ስልክ ግን አነበባትና ባትሪ ቆጣቢ በሆነ የጌም ሞድ ውስጥ አስገባቸው። ቃሏን አጠፍተን፣ አፕሊኬሽኑን እዚያው እንደገና ገንብተን ሞከርነው። ቁጥሩ ሪፖርቱ ላይ ካለው ጋር ገጠመ፤ እንዲያውም ትንሽ ተሻለ።

ጠንቃቃው ገምጋሚ ተነሥቶ ልጅቷን ጨበጣት። ለዚህ አከብረዋለሁ። የሚያስጨንቀኝ ግን ሌላ ነው፤ በዚያ አዳራሽ ውስጥ ጌም ሞድን የሚያውቅ ሰው ባይኖርስ ኖሮ? ዛሬ ተማሪዎቻችን ስልክን እንደ መለኪያ መሣሪያ ነው የሚጠቀሙት። የንዝረት መለኪያ፣ የድምፅ መለኪያ፣ የምስል ማቀናበሪያ ያደርጉታል። ኦሲሎስኮፕ ለሁሉም በማይዳረስበት አገር ይህ መልካም ነው፣ እኔም እደግፈዋለሁ። ነገር ግን በስም እየለየ ፍጥነቱን የሚቀያይር መሣሪያ፣ ሁኔታው ካልተመዘገበ፣ መለኪያ አይባልም። ሚዛኑ ላይ ማን እንደወጣ አይቶ ኪሎ የሚቀንስ ሚዛን መርካቶ ላይ ቢገኝ ምን እንደምናደርገው ታውቃላችሁ።

ሁለተኛው ጉዳይ ከፍጥነት ጋር አይገናኝም፤ ከቤቴ ነው። የእህቴ ልጅ ሃያ አንድ ዓመቱ ነው፣ ጌም ይወዳል። አንድ ማታ ክፍሉ በሩን ዘግቶ ሲጫወት፣ እናቱ ጎረቤት ቤት ለለቅሶ ሄዳ እዚያው ስኳሯ ወርዶ ታመመች። ስድስት ጊዜ ደወለችለት። ስድስቱም ጊዜ ገና ሳይጠራ ተዘጋ። ስልኩ ጌም ሲከፈት ጥሪ እንዲመልስ ተደርጎ ነበር የመጣው፤ ልጁ ምርጫውን ነክቶት አያውቅም፣ መኖሩንም አያውቅም። ጎረቤቶች በባጃጅ ጤና ጣቢያ አደረሷት፣ ደህና ናት፣ እግዚአብሔር ይመስገን። ሕመሙ ግን ያኛው አልነበረም። እህቴ ሳምንት ሙሉ «ልጄ ስልኬን ስድስት ጊዜ ዘጋብኝ» እያለች ነበር። ልጁ ቢምል ቢገዘት ማን ያምነዋል? እሷ ጆሮዋ የሰማውን ነው የምታውቀው። በመጨረሻ ስልኩን ፊቷ አስቀምጬ፣ ጌሙን ከፍቼ፣ በኔ ስልክ ደወልኩና አሳየኋት። ዝም ብላ አየችና «ታዲያ ይሄን ማን ነው የፈቀደለት?» አለች። ከሁላችንም የተሻለ ጥያቄ ጠየቀች።

ከናንተ መካከል የሚቃወመኝ እንዳለ አውቃለሁ፤ ትናንት እራት ላይ ራሱ ተከራክረናል። «ተራው ተጠቃሚ ይህን ሁሉ አያውቅም፣ ማጥፊያ ብትሰጠው ስልኩን ያቃጥለዋል» ነው ክርክሩ። ክብደት አለው። አንዲት እናት የሙቀት ጥበቃን እንድታጠፋ የሚፈቅድ ስልክ እኔም አልሠራም። ቅድም ያዙልኝ ያልኳችሁ ነገር ግን እዚህ ላይ ነው የሚያገለግለው። ሳምሰንግ ማጥፊያውን ሲሰጥ የሙቀት ጥበቃውን አላነሳም። ሁለቱ መለያየት ይችላሉ ማለት ነው። እሳት እንዳይነሣ የሚከለክለው ፊውዝ ነው፤ ፊውዝ ለሰው ማስረከብ የለብንም። ማን እንዲደውልልኝ፣ የትኛው አፕሊኬሽን እንዲዘገይ የሚወስነው ግን ፊውዝ አይደለም፤ የቤቱ ማብሪያ ማጥፊያ ነው፣ ቦታውም ግድግዳው ላይ ነው።

አሁን ወደ ሥራው። አጠፋፉ በየስልኩ ይለያያል፣ አምራቾቹም በየማሻሻያው ቦታ ይቀያይሩታል፤ ስለዚህ መንገዱን በቃል ከማጥናት ይልቅ አንድ ዘዴ ልስጣችሁ። ሴቲንግ ክፈቱና ላይኛው መፈለጊያ ላይ «ጌም» ብላችሁ በእንግሊዝኛ ፊደል ጻፉ። የሚመጣውን ሁሉ አንድ በአንድ ክፈቱ። ሻኦሚ ላይ ብዙ ጊዜ የሚገኘው «ሴኩሪቲ» በሚባለው አፕሊኬሽን ውስጥ ነው። ሳምሰንግ ላይ ወደ ጌም ቡስተር ምርጫዎች ግቡ። አይፎን ላይ ጌም ሞድ ጌሙ ሲከፈት በራሱ ይበራል፤ ጌሙ ክፍት እንዳለ ከመቆጣጠሪያ ማዕከሉ ማጥፋት ይቻላል። የአይፎኑ ጌም ሞድ በአብዛኛው የጀርባ ሥራን የሚቀንስና የብሉቱዝ መዘግየትን የሚያሳጥር ስለሆነ፣ እንደኔ እንደኔ፣ ብዙም የሚያስፈራ አይደለም።

ሁሉንም አጥፉ አልላችሁም። መጀመሪያ ማየት ያለባችሁ የጥሪና የማሳወቂያ ምርጫዎቹን ነው፤ እነሱን ያለ ምንም ማመንታት አጥፉ። ቀጥሎ «በራስ ሰር ጨምር» የሚለውን፣ ማለትም አዲስ የተጫነን አፕሊኬሽን ስልኩ በራሱ ጌም ብሎ የሚመድብበትን፤ ይህን ዘግታችሁ ጌም የሆነውን ራሳችሁ ብታስገቡ ይሻላል። የፍጥነት ምርጫውን ሞክራችሁ ወስኑ። ካጠፋችሁት በኋላ ስልኩ በጣም ከሞቀ ወይም ባትሪው ቶሎ ካለቀ መልሱት፤ ገደቡ የተቀመጠው ለምክንያት ነው ማለት ነው። ልጆቻችሁ ከኢንተርኔት አግኝተው ስልኩን በገመድ ከኮምፒውተር ጋር አያይዘው የሲስተም ፕሮግራሞችን የሚያሰናክሉበት ዘዴ አለ፤ ይሠራል፣ ግን ምን እንደነኩ የማይጽፉ ከሆነ ተዉ በሏቸው። ከውጭ አገር ለወላጆቻችሁ ስልክ የምትልኩ ደግሞ፣ ሲም ካርዱን የሚያስገባላቸው ልጅ እነዚህንም እንዲያይላቸው ንገሩት። አባባ ጌም አይጫወቱም ብላችሁ አትለፉት፤ የልጅ ልጃቸው ይጫወትባቸዋል።

ለመምህራን ያለኝ ሐሳብ ሁለት ነው። በስልክ የተለካ ውጤት ያለበት ማንኛውም የተማሪ ሪፖርት የስልኩን ሞዴል፣ የሶፍትዌሩን ቁጥር፣ ጌም ሞድና ባትሪ ቆጣቢ በርተው እንደነበር ወይም እንዳልነበር፣ ቻርጅ ላይ መሆን አለመሆኑን የሚያሳይ አንድ መስመር ይኑረው። አንድ መስመር ብቻ ነው፤ ገበሬውንም ተማሪውንም ያድናል። ሁለተኛው፣ አንድሮይድ ራሱ ለእንዲህ ያለ ሥራ ያዘጋጀው ነገር አለ። ከአንድሮይድ 7 ጀምሮ ስልኩ ለረጅም ጊዜ ሊዘልቀው በሚችለው ፍጥነት እንዲሠራ የሚጠይቅ ምርጫ፣ ከአንድሮይድ 11 ጀምሮ ደግሞ ለመለኪያ ተብሎ ፍጥነቱን የሚያጸና የገንቢዎች ትእዛዝ አለ። ሁሉም ስልክ አይቀበለውም። የሚቀበሉትን ሁለት ሦስት ስልኮች ለይቶ ላብራቶሪ ውስጥ ለመለኪያ ብቻ ማስቀመጥ ግን ብዙ ወጪ አይጠይቅም። የኛ ባች ይህን ወጪ ለመሸፈን ትናንት ማታ ተነጋግሯል፤ ገንዘብ ያዣችን እዚህ ስላለች አሁን ወደኋላ ማለት አይቻልም።

ከምሳ በኋላ ከዋናው በር በስተግራ ባለው ክፍል ውስጥ ሁለት የላብራቶሪ ረዳቶችና እኔ እንቀመጣለን። ስልካችሁን ይዛችሁ ኑ፤ ምን ምን እንደበራ አብረን እናያለን። መነጽር የረሳችሁም ኑ፣ እኔ አነብላችኋለሁ። ጫማ ማውለቅ አያስፈልግም።